ታችኛው ሳጥን

ባሌን የሥራ ጓደኞቹ «ፌርማታ» ይሉታል። ስሙን ያወጡለት አንድ ቦታ ስለሚቆም እንዳይመስላችሁ፤ ቆሞ ስለማያውቅ ነው። በር ይሰቅላል፣ መደርደሪያ ይመታል፣ የወጥ ቤት ቁም ሳጥን ይገጥማል። ዛሬ ከከተማው በዚህ ጫፍ፣ ነገ በዚያኛው፤ የዛሬውን በር ሰቅሎ ሳይጨርስ የነገውን ግድግዳ በሐሳቡ እየለካ ነው። እራት እንኳ የሚበላው መስኮቱ ጋ ቆሞ ነው። «ወንበር ተገዝቷል እኮ» ስለው «ለእንግዳ ነው» ይለኛል። እንግዳ ደግሞ አይመጣብንም፤ ቆሞ ከሚበላ ሰው ቤት ማን ይመጣል።

አንድ ጊዜ አንድ የቤት ዕቃ ፋብሪካ በቋሚነት ሊቀጥረው ጠራው። እኔ ደስታዬን አልቻልኩትም፤ ሸሚዙን ደጋግሜ ተኮስኩለት። ምሳ ሰዓት ሳይደርስ ተመልሶ መጣ። ምን ሆነህ ነው ብለው «ግድግዳው ያው ነው» አለኝ። ሌላ ምክንያት እስከ ዛሬ አልሰጠኝም።

ቤትም እንደዚሁ ነው። የተከራየነው ቤት ሁሉ ገና ቀለሙን ሳንለምደው አንድ እንከን ያወጣለታል። የዚህኛው ደረጃ ጠባብ ነው፣ የዚያኛው ኮሪደር ጨለማ ነው፣ የወዲያኛው አከራይ ወሬ ታበዛለች። እኔ መጋረጃ ሰፊ ነኝ። የሰውን መስኮት ሁሉ በልኩ አልብሼ የራሴ መጋረጃ ግን ከራሴ መስኮት ጋር ገጥሞ አያውቅም፤ ወይ ወለል ይጠርጋል፣ ወይ መንገድ ላይ ይቀራል። ልጃችን አግብታ ሌላ ከተማ ከሄደች በኋላ ስልክ ስትደውል መጀመሪያ የምትለኝ «እማዬ፣ አሁን የት ናችሁ?» ነው።

እንዲህ መሬት የማይበቃው ሰው በአንድ ነገር ግን ፍንክች አይልም። በሳጥኖቹ።

ድሮ መሣሪያውን የሚይዘው በማዳበሪያ ከረጢትና ዚፑ በተበጠሰ የልብስ ሻንጣ ነበር። መብሻው ትራፓኖ ከመጋዙ ጋር ይጋጫል፣ ብሎኑ ግድግዳ ውስጥ ከሚገባው የፕላስቲክ ፊሸር ጋር ይቀላቀላል፣ አንዲት የትራፓኖ ጫፍ ፍለጋ ሙሉው ሻንጣ የሰው ሳሎን ላይ ይዘረገፋል። በኋላ እነዚህን ተደራራቢ የፕላስቲክ ሳጥኖች አንድ በአንድ መግዛት ጀመረ። ጥቁር ናቸው፤ ጎናቸው ላይ ቢጫ መቆለፊያ አላቸው። አንዱ በሌላው ላይ ሲቀመጥ ጠቅ ብሎ ይያያዛል፤ ከዚያ ወዲያ የላይኛውን እጀታ ይዞ ያነሳ ሰው ሁሉንም አብሮ ያነሳል። ከታች ያለው ትልቁ ጎማና ረጅም መጎተቻ አለው። ከላይ የሚቀመጠው ትንሹ ክዳኑ ውስጡን የሚያሳይ፣ ሆዱ በትናንሽ ክፍል የተከፋፈለ የብሎን ማስቀመጫ ነው። በመሃል ደግሞ ሦስት እኩያሞች አሉ፤ በላያቸው ላይ በለጠፈው ፕላስተር ነው የሚለያዩት፤ ቀዩ የትራፓኖ፣ ነጩ የመጋዝ፣ አረንጓዴው የእንጨት ማለስለሻው። አምስቱም ሲደራረቡ ደረቴ ላይ ይደርሳሉ።

ታዲያ የሚደረድራቸው እጁ እንዳገኘ አይደለም። ቀድሞ የሚፈለገው ከላይ፣ መጨረሻ የሚፈለገው ከታች። ሥራው ወደፊት በሄደ ቁጥር አንድ ሳጥን ይነሳል እንጂ ወደ ኋላ መመለስ የለም። «ሳጥን እያገላበጠ የሚፈልግ ሠራተኛ ምን ሊሠራ እንደመጣ አያውቅም» ይላል። ስለዚህ በየማለዳው ኮሪደራችን ላይ ተንበርክኮ የዕለቱን ሥራ ከመጨረሻው ጀምሮ ወደ መጀመሪያው ይደረድራል። ታችኛው ውስጥ ሁልጊዜ የመዝጊያው ነገር አለ፤ መጥረጊያ ብሩሽ፣ ጨርቅና ለብሶት ወደ ቤት የሚመለስበት ንጹህ ሸሚዝ። ሥራ አለቀ የሚባለው ሸሚዝ ሲቀየር ነው፣ እንደ እሱ አባባል።

እሱ ወሬ አይወድም። እኔም ጥርስ ከማስነከስ ብዬ ድርድሩን ማንበብ ተማርኩ። ቀዩ ከቀደመ የሚሰቀል ነገር አለ ማለት ነው፣ ቶሎ ይመለሳል። ነጩ ከቀደመ አዲስ ወጥ ቤት ነው፣ እራቱን ከድኜ አስቀምጣለሁ። አረንጓዴው ከቀደመ ሌላ ሰው ያበላሸውን ሊያርም ነው፣ ሲነጫነጭ ነው የሚገባው። «ዛሬ የት ነህ?» ብዬ ጠይቄው አላውቅም። የጎረቤት ሴቶች ባሎቻቸውን የት ዋልክ፣ ከማን ጋር ዋልክ እያሉ ሲነዘንዙ ስሰማ በሆዴ እስቅባቸው ነበር። ማንበብ የምትችል ሴት ምን ትጠይቃለች። በቤታችን አንድ ሕግ ብቻ ነበር፤ ሳጥኖቹን ከእሱ በቀር ማንም አይከፍትም።

በዚህ ዓመት ግን ባሌ ባሰበት። ድሮ የሚዞረው ሥራ ፍለጋ ነበር፤ አሁን ሥራው እየቀነሰ ዙረቱ በዛ። ከወጥ ቤት ወደ ኮሪደር፣ ከኮሪደር ወደ በረንዳ። ይቀመጥና ወዲያው ብድግ ይላል። አፉን ሊከፍት ይልና «የጎረቤቶቻችን በር ይጮሃል፣ ዘይት ላርግለት» ብሎ ይወጣል። የጎረቤቶቻችን በር ዘይት ጠግቦ መንሸራተት ጀምሮ ነበር። ሱሪውም ከወገቡ እየወረደ አስቸገረው። እኔ ሰፊ ነኝና ወገቡን አጠበብኩለት፤ ትንሽ ቆይቶ ደግሞ እንደገና አጠበብኩለት። «ጎረምሳ ሆንክብኝ» ብዬ ቀልጄበታለሁ እንኳ። እሱም ፈገግ አለልኝ።

ስልክም ነበረ። ይጮሃል፣ ያየዋል፣ ይዞት ወደ ደረጃው ይወጣል። አንድ ቀን እሱ እጁን ሲታጠብ እኔ አነሳሁት። የሴት ድምፅ ነው፤ ለስለስ ያለ፣ የተረጋጋ። ስሙን ጠርታ አለ ወይ አለችኝ። ሰጠሁት። እንደ ልማዱ ወጣና በሩን ከኋላው ዘጋ።

በማግስቱ ከቁም ሳጥኑ ጀርባ የሸጎጥኩትን ጥቅል ጨርቅ ሳወጣ እጄ ከባድ ነገር ነካ። ትራፓኖው ነው። ከአጠገቡ መጋዙ፣ ከመጋዙ አጠገብ ማለስለሻው፤ ሦስቱም በአሮጌ መጋረጃዬ በጥንቃቄ ተጠቅልለዋል። መሣሪያው እዚህ ከሆነ ሳጥኑ ውስጥ ምን አለ? ወደ ኮሪደሩ ሄድኩ። አምስቱም ተደራርበው በሩ ጋ ቆመዋል። በእግሬ ገፋ ባደርጋቸው እንደ ባዶ ጋሪ ሸርተት አሉ። ሕጋችን ሕግ ነውና አልከፈትኩም። ግን የላይኛው ክዳን ውስጡን ያሳያል ብያችኋለሁ። ብሎኑ የለም። በብሎኑ ቦታ ምላጭ፣ በፊሸሩ ቦታ የጥርስ ብሩሽ፣ በማጠፊያው ቦታ ማበጠሪያና የስልክ ቻርጀር፣ ሁሉም በየክፍላቸው ተቀምጠዋል።

ደሜ ፈላ። ምላጭ ይዞ ትራፓኖ ጥሎ የሚሄድ ወንድ ወደ ሥራ እንደማይሄድ ለማወቅ መጽሐፍ መግለጥ አያስፈልግም። ዙረቱ፣ የደረጃው ስልክ፣ የወገቡ መቅጠን፣ ያቺ ለስላሳ ድምፅ፣ ሁሉም ተሰካክቶ አንድ ነገር ሆነልኝ። ያነበብኩት እሱን ነው፤ ዕድሜዬን ሙሉ ተሳስቼ ስለማላውቅ ደግሞ አልተጠራጠርኩም።

ጃኬቱን ለብሶ ሲመጣ ኮሪደሩ ላይ ጠበቅሁት።

«ወዴት ነው?»

እንዲህ ጠይቄው ስለማላውቅ ደነገጠ። «ሥራ አለ፣ አለቃ» አለኝ። አለቃ እኔ ነኝ፤ ከተጋባን ጀምሮ የሚጠራኝ እንደዚያ ነው።

«ያለ ትራፓኖ?»

ዓይኑ ወደ መኝታ ቤቱ ሄደና ተመለሰ። «ትንሽ ቀን ነው። ስመለስ እነግርሻለሁ።»

«ሴትዮዋ ትራፓኖ አላት ማለት ነው?»

ሳቁ አመለጠው። ግን ወዲያው ጎኑን በእጁ ደገፍ አደረገና ፊቱ ተለወጠ። እኔ ሳቁን ብቻ ነው ያየሁት።

«ሳቅ» አልኩት። «ሳቅ እንጂ። ከዚህ በር ከወጣህ ግን እንዳትመለስ።»

መጎተቻውን ያዘ። «እሱን እንኳ እኔም አላውቀውም» አለና ወጣ። ጎማዎቹ ደረጃውን አንድ በአንድ እየደበደቡ ሲወርዱ ሰማሁ። ከታች የጎረቤታችን የታክሲ ሹፌሩ መኪና ተነሳች።

ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ እንዲሉ እኔ ማልቀስ የጀመርኩት መኪናዋ ከታጠፈች በኋላ ነው። አልቅሼ ሲበቃኝ ማሽኔ ላይ ተቀመጥኩ። የአንዲት ደንበኛ የሳሎን መጋረጃ ነበረብኝ። ገበሩን በፊቱ በኩል ሰፋሁት፣ ተረተርኩት፣ መልሼ በፊቱ በኩል ሰፋሁት። ተነሳሁ። ውሃ ጠጣሁ። ተቀመጥኩ። እንደገና ተነሳሁ። ልጄ ጋ ልደውል ስልኩን አነሳሁና ምን ብዬ እንደምጀምር ጨንቆኝ መልሼ አስቀመጥኩት። አባትሽ ሳጥኑን ይዞ ከቤት ወጣ ብላት በየቀኑ ይወጣ የለም ወይ ትለኛለች።

እኩለ ቀን ላይ በሩ ተንኳኳ። የታክሲ ሹፌሩ ነው።

«እትዬ፣ የጋሼን መነጽር መኪና ውስጥ አገኘሁት» አለኝ። «ትሄጂ የለ፣ ያዢለት።»

«የት ነው የምሄደው?»

ግራ ገብቶት አየኝ። «አልጋ ይዞ የለም እንዴ? ነገ ጠዋት ነው ቀዶ ጥገናው ብሎኛል። እኔማ ቀድመሽ እዚያ የጠበቅሽው መስሎኝ ነበር።»

የበሩን እጀታ ያዝኩ። ሹፌሩ ያወቀውን ያህል ነገረኝ፤ ኩላሊቱ ላይ እብጠት አለ፣ ብዙ ቀን ተመላልሶ ተመርምሯል፣ መመላለሻውም በእሱ ታክሲ ነበር። «ለሰው አትንገር ብሎኝ ነው፣ ሰው ሲል ግን አንቺን ይጨምራል ብዬ አላሰብኩም» አለኝ። እኔም አላሰብኩም። ኮቴን ብቻ ደርቤ «ውሰደኝ» አልኩት። የቤቱን በር መዝጋቴን እስከ ዛሬ አላስታውስም።

መንገድ ላይ ሹፌሩ ሊያጽናናኝ አንድ ነገር ይል ነበር፤ አልሰማሁትም። የማስበው ሱሪውን ነው። ያን ወገብ በገዛ እጄ፣ በራሴ ሜትር፣ በራሴ መርፌ ነበር ያጠበብኩት።

ሆስፒታሉ ረጅም ኮሪደር ያለው፣ አረንጓዴ ቀለም እስከ ትከሻ የተቀባ ቤት ነው። ክፍሉን አገኘሁት። ሳጥኖቹ ከአልጋው ራስጌ እንደ ዘበኛ ቆመዋል፤ አልጋው ላይ ግን ሰው የለም። አንሶላው እንኳ አልተነካም።

«የሳጥኑ ሰውዬ ቤተሰብ ነሽ?» አለችኝ ከኋላዬ አንዲት ሲስተር። ድምፅዋን ወዲያው አወቅኩት። ያቺ ለስላሳዋ ናት። በዕድሜ ልጄን ታህላለች፣ ዓይኗ ደክሟል። «እባክሽ አስተኚልን። ከገባ ጀምሮ አልተቀመጠም። የመታጠቢያ ቤቱን በር አስተካክሎልናል፣ እግዜር ይስጠው፤ አሁን ደግሞ የመድኃኒት ጋሪያችንን ገልብጦ ይዞታል።»

ኮሪደሩ መጨረሻ ላይ የበሽተኛ ጋውን ለብሶ ተንበርክኳል። በገበታ ቢላዋ የጋሪውን ጎማ ብሎን እያጠበቀ ነው። ከጋውኑ በታች የወጣው ቅልጥሙ እንጨት ያህላል። እንዴት አላየሁትም? በአንድ አልጋ እየተኛን፣ እንዴት ሰው ሳጥን ሲያነብ ይኖርና ባሉን ሳያይ ይቀራል?

ጫማዬን አይቶ ቀና አለ።

«ማን ነገረሽ?»

«አንተማ አልነገርከኝ።»

ጎማውን በጣቱ አሽከረከረው። ጥሩ ነው የሚዞረው። «ብነግርሽ ፊትሽን ማየት ሊኖርብኝ ነው» አለ። «ሐኪሙ ሲነግረኝ ሐኪሙን አየሁት፣ ምንም አልሆንኩም። አንቺን ሳስብ ግን ይኸው መቆም አቃተኝ፣ መቀመጥም አቃተኝ።»

«እኔ ሌላ ሴት መስሎኝ ነበር።»

አሁን በደንብ ሳቀ፤ ጎኑን ይዞ። «አለቃ፣ በየሳምንቱ ሱሪዬን እያጠበብሽ ማን ትወስደዋለች ብለሽ ነው?»

ልስቅ ስል አለቀስኩ። ሲስተሯ መጥታ ጋሪዋን አቀናችና እየገፋች ሄደች፤ ጎማው ድምፅ አልነበረውም። በብብቱ ይዤ አነሳሁት፤ ቀሎኝ ተነሳ።

አልጋው ጫፍ ላይ አስቀመጥኩትና በተራዬ እኔ መቀመጥ አቃተኝ። መስኮቱን ከፈትኩ፣ ዘጋሁ። ትራሱን አገላበጥኩ። በመጨረሻ ወደ ሳጥኖቹ ሄድኩና የላይኛውን መቆለፊያ ያዝኩ።

«የእኔ ናቸው እኮ» አለ።

«ነበሩ» አልኩት።

የላይኛውን አውቀዋለሁ፤ ምላጩ፣ ብሩሹ። አነሳሁት። ከሥሩ ቀዩ ፕላስተር ያለበት ነው፤ የትራፓኖው ቅርፅ በተቀረጸበት ስፖንጅ ላይ የምርመራ ወረቀቶቹ፣ ፎጣና ነጠላ ጫማ። ዛሬና ነገ ጠዋት ድረስ የሚፈለገው ማለት ነው። ከሱ ሥር ነጩ፤ ለስላሳ ካልሲ፣ ክዳን ያለው ኩባያ፣ መምጠጫ ቀሰም። ከቀዶ ጥገናው እንደወጣ ያለው ጊዜ። ለብቻው ሱቅ ሄዶ ቀሰም ሲመርጥ ታየኝ። ከዚያ አረንጓዴው፤ ትንሽ ሬዲዮና የበር ማጠፊያ ሥዕል የሞላበት አሮጌ ካታሎግ። ቀና ብሎ መቀመጥ ሲችል ሊያየው ነው። እያንዳንዱን ሳነሳ ሥራው ወደፊት ሲሄድ አየሁ፤ ከመግባት ወደ መታከም፣ ከመታከም ወደ መዳን። ንባቤ ተመለሰልኝ። ደረቴም ትንሽ ቀለል አለኝ።

የቀረው ጎማ ያለው ትልቁ ነው። ከፈትኩት።

ባዶ ነው። ባዶ ብቻ አይደለም፣ ተወልውሏል። ብሩሹ ከነበረበት ጥግ የእንጨት ብናኝ እንኳ አልቀረም።

«ይሄስ?» አልኩት።

ወደ መስኮቱ ዞረ። እግሩ ወለሉን በቀስታ ይመታ ነበር።

«ይሄስ? አንተን ነው እኮ።»

«ምን እንደምከትበት አላወቅኩም» አለ።

እኔ ፈሪ ሴት አይደለሁም። በሕይወቴ ብዙ ነገር በአፌ ተጋፍጫለሁ፤ አከራይ፣ ደንበኛ፣ የእሱን እናት ሳይቀር። ያን የተወለወለ ሳጥን ሳይ ግን ፈራሁ። ሰውዬው አንድ ቀን እንኳ ያለ መመለሻ ሸሚዝ ከቤት ወጥቶ አያውቅም። ሥራውን ሁሉ ከመጨረሻው ጀምሮ ነው የሚደረድረው። ዛሬ ጠዋት ኮሪደሬ ላይ ተንበርክኮ ከመጨረሻው ሊጀምር ሲል መጨረሻው አልታየውም፤ ስለዚህ ዘለለው፣ ከሁለተኛው ጀመረ። እኔ ደግሞ በላዩ ላይ እንዳትመለስ አልኩት።

ይቅርታ ልጠይቀው ፈለግኩ። የመጣልኝ ቁጣ ነው። የአልጋውን ኮመዲኖ ከፈትኩ። ጠዋት የለበሰውን ሱሪ፣ ሸሚዙን፣ ጃኬቱን አወጣሁ። ሱሪውን በስፌቱ በኩል አጥፌ ከሳጥኑ ግርጌ አስቀመጥኩ። ጫማውን ከአልጋው ሥር ጎትቼ፣ በመሐረቤ ጠርጌ ጎን ለጎን ከተትኩት። ቦታ ተረፈ። ኮቴን አወለቅኩና እሱንም አጥፌ በላዩ ላይ አደረግኩ።

«ምን እያረግሽ ነው? ብርድ ነው እኮ።»

«አየሁት ብርድ መሆኑን።»

«ምን ለብሰሽ ልትሄጂ ነው?»

«አልሄድም። ይሄ ሳጥን ሲከፈት ነው የምሄደው።»

«አለቃ፣ ሆስፒታሉ አያሳድርሽም።»

«ሹራቤ አለኝ። የደረጃው ሥር አግዳሚ አይቻለሁ። ኮቴን ደግሞ ከአራት ሳጥን ሥር አውጥቶ እጄ ላይ የሚያስይዘኝ ዘበኛ ካለ እናየዋለን።»

ክዳኑን ዘጋሁና አረንጓዴውን በላዩ ላይ ጫንኩ። አልገባልኝም። አንስቼ መልሼ ጫንኩ። ከአልጋው ተንጠራርቶ «ከኋላ በኩል አስቀድሚ፣ ከዚያ ፊቱን ጫን» አለኝ። እንዳለኝ አደረግኩ፤ ያዘ። ነጩን፣ ቀዩን፣ ትንሹን አከታተልኩ። እጁን ዘርግቶ የላይኛውን ነቅነቅ አድርጎ ሞከረው፤ ሥራዬን ሳያይ የሚያልፍ ሰው አይደለም። ከዚያ እግሮቹን አልጋው ላይ አወጣ።

ጠዋት ጋሪ አልጋ ይዘው መጡ። ሲጫን ኮርኒሱን እያየ «የግራው የፊት ጎማ ይጎትታል» አላቸው። ሲስተሯ ነገ ታየዋለህ አለችው። እኔ እስከ ድርብ በሩ ድረስ እጁን ይዤ ሄድኩ። በሩ ጋ እጄን ጠበቅ አደረገው፤ የሚለው ነገር ነበረው፣ ግን በሩ በራሱ ተከፈተና ወሰዱት።

ከዚያ በኋላ የሆነውን መናገር ቢያምረኝም የሆነ ነገር የለም፤ መጠበቅ ብቻ ነው። አግዳሚው ላይ ተቀመጥኩ። ተነሳሁ። ወደ ክፍሉ ሄጄ ሳጥኖቹን አየሁ። ተመለስኩ። ከመስኮት እስከ ድርብ በር፣ ከድርብ በር እስከ መስኮት። አንዲት አስታማሚ «እህቴ፣ ቁጭ በይ፣ ራስሽን አዞርሽ» አለችኝ። ይህን ቃል ስንት ዓመት እኔ ለሌላ ሰው ስለው ኖሬአለሁ። የቆመ ሰው ላይ ሐሳቡ ይደርስበታል፤ ለዚህ ነበር የሚዞረው። አሁን ግን በእኔም ላይ ደረሰብኝ፤ ብዞርም ደረሰብኝ። ያለ እሱ የሚኖረኝን ቤት አየሁት። መስኮቱ አይቀየርም፣ መጋረጃው ልክ ይሆናል፣ መስኮቱ ጋ ቆሞ እራት የሚበላ አይኖርም። ጠላሁት። የፈለግኩት ኑሮ ያ ነበር፣ ጠላሁት።

ሐኪሙ ሲወጣ ጭምብሉ አንገቱ ላይ ተንጠልጥሎ ነበር። ኩላሊቱን ከነእብጠቱ እንዳወጡት ነገረኝ። በዓይን ሲታይ ሌላ ቦታ የነካ ነገር እንደሌለ፣ እርግጠኛ የሚሆነው ግን ውጤቱ ከላቦራቶሪ ሲመጣ እንደሆነ ተናገረ። «በአንድ ኩላሊት ሰው ይኖራል» አለኝ። «ብቻ መተኛት አለበት። ዝም ብሎ መተኛት። ይችላል?»

«እኔ አስችለዋለሁ» አልኩት።

ወደ ክፍሉ ሲመልሱት ፊቱ እንደ አመድ ነጥቷል፣ ከጎኑ ቱቦ ወጥቷል። ከራስጌው ቆምኩ። ትንሹን ሳጥን አንስቼ ወለሉ ላይ አስቀመጥኩ፤ የዛሬ ጠዋቱ ነገር አልፏል። ቀዩንም አነሳሁ። ነጩን ከፍቼ ለስላሳ ካልሲውን አወጣሁና እግሩ ላይ አለበስኩት። ጣቶቹ ቀዝቅዘው ነበር። በእጄ ይዤ አሞቅኋቸው። የእኔም እጅ ቀዝቃዛ ነው፤ ቢሆንም ይዤያቸው ቆየሁ።

ፀሐይዋ ወደ ማዶው ግድግዳ ስትዞር ዓይኑን ከፈተ። መጀመሪያ ኮርኒሱን አየ፣ ከዚያ እኔን። ከንፈሩ ደርቆ ተጣብቋል። ጎንበስ ብዬ ጆሮዬን አስጠጋሁ።

«አለቃ» አለኝ። «ስንተኛው ሳጥን ላይ ደረስን?»

«ገና መሃል ላይ ነን» አልኩት። «ተኛ።»